የስንዴው ጻድቅ

ሥራዬ ስለ ኢኮኖሚስቶች መጻፍ ነው። እኔ ራሴ ኢኮኖሚስት አይደለሁም። ይህን ልዩነት ለሰው ሳስረዳ ዕድሜዬን ጨረስኩ፤ የገባው ሰው ግን እስከ ዛሬ አላገኘሁም። ባንክ ቤት ስሄድ ገንዘብ ከፋዩ ጠጋ ብሎ "ጋሼ፣ ያለችኝን ምን ላይ ላውላት?" ይለኛል። ጎረቤቴ ጤፍ መቼ እንደሚረክስ ይጠይቀኛል። እኔ የማውቀው ከሞቱ ዘመን የቆጠሩ ሰዎች ስለ እህል ዋጋ ምን እንዳሉ፣ ያን ሲሉም ቁርስ በልተው እንደነበርና ከማን ጋር ተኳርፈው እንደሰነበቱ ነው። የጤፉን ነገር ሚስቴን ጠይቁ።

"ሐሳባቸውን ጽፈህ ብትተው ምን አለበት? የሰውየው ቁርስ ምን ያደርግልሃል?" የሚሉኝ ባልደረቦችም ነበሩ። ለእነሱ ረጅም ረጅም መልስ ስሰጥ ኖሬአለሁ። አጭሩ መልስ ግን ከጎንደር ነው ያመጣሁት፤ ከአባቴ።

አባቴ በጎንደር ከተማ በአንዱ ደብር የመጽሐፍ መምህር ነበሩ። ተማሪ ከፊታቸው ተቀምጦ አንድ ዐረፍተ ነገር በግዕዝ ያነባል፤ እሳቸው በአማርኛ ይተረጉማሉ። አንድ ፍች ይሰጡና "አንድም" ብለው ሁለተኛ ይጨምራሉ፤ "አንድም" ብለው ሦስተኛ። ከዚህ ሁሉ በፊት ግን ይህን ማን ተናገረው፣ ለማን ተናገረው፣ ምን ሆኖ ሳለ ተናገረው የሚለውን ሳይጨርሱ ወደ ቃሉ አይገቡም። እኔም እንደ ሌላው ተማሪ "የኔታ" እያልኩ ነው ያደግሁት። "አባባ" ብዬ የጠራኋቸው አንድ ጊዜ ንዳድ ይዞኝ ስቃዥ ነው፤ እሱንም እናቴ ናት የነገረችኝ።

አዲስ አበባ ኮሌጅ በገባሁ ጊዜ፣ አንድ የውጭ አገር መምህሬ ስለ አንድ ኢኮኖሚስት እንድጽፍ አዘዙኝ። እኔም ማን እንደሆነ፣ ለማን እንደጻፈ፣ ምን ሆኖ ሳለ እንደጻፈ ሳልጨርስ ወደ ሐሳቡ አልገባ አልኩ። መምህሬ ወረቀቱን አንብበው ቢሯቸው ጠሩኝና "ይህን አዲስ ዘዴ ከየት አመጣኸው?" አሉኝ። የቄስ ትምህርት ቤት ነው ማለት አፍሬ "አሰብኩት" አልኳቸው። በዚች ቃል ሥራ ተሰጠኝ። ያፈርኩበት ነገር ብዙ ነው፤ ይቺ ግን ትብሳለች።

የአባቴን ወንበር እኔ እንድወርስ ነበር የታሰበው። ጠላት ከወጣ በኋላ መንግሥት ትምህርት ቤት ሲከፍት ግን እኔ እግሬ ወደዚያ አደላ። አባቴ አልተቆጡም። ቢቆጡ በስንት ጣዕሙ! ከቁጣ መመለስ አለ። እሳቸው ግን ምርቃታቸውን ብቻ ከለከሉኝ። በቤታችን መንገድ የሚወጣ ሰው ሳይመረቅ አይወጣም። እሳቸው ለተማሪ ይመርቃሉ፤ ለገበያተኛ ይመርቃሉ፤ እንጨት ለምታመጣው ሴትዮ ደጅ ድረስ ወጥተው ይመርቃሉ። አንድ ጊዜ በቅሎ ሲመርቁ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። እኔ ክረምት ከርሜ አውቶቡስ ልሳፈር ስነሣ ግን "ደህና ግባ" ነው፤ እሷኑ፣ ያውም ከመጽሐፋቸው ቀና ሳይሉ። ስምንት ዓመት "ደህና ግባ" ስባል ኖርኩ። ደህና ገብቻለሁ፤ ክፉ ነገርም አላገኘኝም። ነገር ግን አዲስ አበባ ውስጥ መሰላል በወጣሁ ቁጥር፣ የታመመ ሰው ቤት በገባሁ ቁጥር፣ "ይኸ ሰው እኮ ያልተመረቀ ነው" የሚል ድምፅ ከውስጤ ይመጣል። ይኸንን ለተማረ ሰው ብነግረው ይስቅብኛል። ብትስቁም ሳቁ፤ ነገሩ እንዲያ ነበር።

በስምንተኛው ዓመት ለከፍተኛ ትምህርት ባሕር ማዶ ልሄድ ተወሰነ። ሦስት ዓመት ነው። አባቴ ሽምግልናው ገፍቷቸዋል። አሁን ካልመረቁኝ መቼም አይመርቁኝም ብዬ፣ ነሐሴ ውስጥ ጭቃው ሳይደርቅ ጎንደር ወጣሁ። አውቶቡሱ ፒያሳ አወረደኝ፤ ሻንጣዬን ተሸክሜ ቤት ስደርስ እናቴ አቅፋ አለቀሰች። አባቴ "ገባህ?" አሉኝ። "ገባሁ፣ የኔታ" አልኩ። በዚህ ተለያየን።

በማግሥቱ ከቅዳሴ መልስ፣ ከበረንዳው ተቀምጠው ሳለ፣ ባልታሰበ ጊዜ፣ "ምነው፣ አንተ እዚያ አዲስ አበባ የምትጽፈው ምንድን ነው?" ብለው ጠየቁኝ።

በስምንት ዓመት ውስጥ የመጀመሪያው ጥያቄ ነበር። አውቶቡስ ውስጥ ሁለት ቀን ሙሉ መልሱን ሳዘጋጅ ነው የመጣሁት። ችግሩ፣ ያን ጊዜ ኢኮኖሚስት የሚባለው ፍጡር በአማርኛ የረጋ ስም አልነበረውም። ጋዜጣው ዛሬ አንድ ይለዋል፤ በሳምንቱ ሌላ። እኔም እሳቸው ደስ እንዲላቸው ሸጋ ሸጋ ቃል መርጬ፣ "በሀብት ነገር የተመራመሩ ሊቃውንትን ዜና ነው የምጽፈው፣ የኔታ" አልኳቸው።

ሀብት፣ ሊቃውንት፣ ዜና። ሦስት ቃል፤ ሦስቱም እንደ ካህን ጥምጣም የጠመጠሙ።

በገበያ አማርኛ ሀብት ማለት ገንዘብ፣ ከብት፣ ቤት ነው። በግዕዝ ግን ሀብት ማለት ስጦታ ነው፤ ከላይ ለተመረጠ ሰው የሚወርድ። የትንቢት ሀብት አለ፤ የፈውስ ሀብት አለ፤ ሲጸልዩ የሚያለቅሱበት የእንባ ሀብት እንኳ አለ። አባቴ ደግሞ ዕድሜ ልካቸውን ከግዕዝ ወደ አማርኛ ሲያሻግሩ ኖረው፣ እሳቸው ግን ከወዲያ ማዶ የቀሩ ሰው ነበሩ። በቤታችን ገንዘብ የሚባለው "ገንዘብ" ነው፤ ያውም እምብዛም ስለማይኖር ስሙ አይነሣም።

"ሀብቱ የተሰጣቸውን?" አሉኝ።

"የተመራመሩበትን" አልኩ።

"እሱም ራሱ ሀብት ነው" አሉና አሰብ አደረጉ። "የየት አገር ሰዎች ናቸው?"

"የባሕር ማዶ።"

"በዚያም አሉ ማለት ነው" አሉ፤ ድምፃቸው ተለወጠ። "እኔ የልጄ ነገር አልቆለታል ብዬ ነበር። አንተ ለካ ዜና ጻድቃን ትጽፋለህ!"

ያን ጊዜ ገባኝ። ከአነጋገር ይፈረዳል፣ ከአያያዝ ይቀደዳል ይባላል፤ እኔ ግን ሳልይዘው ነው የተቀደደ። አፌን ልከፍት ስል እሳቸው ብድግ አሉ። እጃቸውን ከራሴ ላይ ጫኑ። የስምንት ዓመቱን ምርቃት አንድ ላይ አወረዱት። እግሬን እንቅፋት እንዳይመታው፣ ባዕድ አገር እንዳይበላኝ፣ ብዕሬ እንዳይደርቅ፣ ዘሬ እንዲለመልም፣ በሄድኩበት ሞገስ እንዳገኝ፤ ምን ያልተባለ አለ! እናቴ ከጓዳ ወጥታ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ትጠርጋለች። እኔ ተንበርክኬ "አሁን ልናገር፣ አሁን ልናገር" እላለሁ። አልተናገርኩም። ደስ ብሎኝ ነበራ! የአባት እጅ ራስህ ላይ ሲያርፍ ምን ያህል እንደሚከብድና እንደሚሞቅ ረስቼው ነበር።

ጥዋት የሆነውን ነገር ለምሳ የደብሩ አለቃ ሰሙት። ማታ ላይ ፒያሳ ያለው ልብስ ሰፊ "እንኳን ደስ አለህ፣ ገድል ጻፍህ አሉ" አለኝ። በሁለተኛው ቀን አለቃው ራሳቸው ቤታችን መጡና ደስ ብሏቸው በጥያቄ ያዙኝ።

"የያዝከው ጻድቅ ዕረፍቱ መቼ ነው?"

"መጋቢት ውስጥ ነው፣ አባቴ።"

"ስንት ቀን?"

"ቀኑ በውል አልታወቀም።"

"የጥንት ነው ማለት ነው" አሉ በአክብሮት። "ቃል ኪዳኑስ? ምን ብሎ ነው ቃል የተገባለት?"

"እሱን ገና እየመረመርኩት ነው" አልኳቸው። ምሁር ሲጨንቀው የሚለው ይህንን ነው፤ በየትም አገር ያገለግላል። ያም ሆነ ይህ፣ ከመሄዴ በፊት ባለው እሑድ፣ ከቅዳሴ በኋላ በቅጥር ግቢው ዛፍ ሥር፣ ጽሑፌን በአማርኛ መልሼ እንዳነብ ተቆረጠ። ጉዞዬ ሰኞ ነው።

ያን ጊዜ የያዝኩት ሰው ማን እንደሆነ ልናገር። ስሙን አልጠራም፤ ብጠራውም አታውቁትም፤ በአገሩም የሚያውቀው የለም። ስለ ስንዴ ዋጋ የጻፈ ሰው ነው። ከወፍጮ ቤት በላይ ባለች ጠባብ ክፍል ብቻውን ኖረ። ሚስት አላገባም። በቀን አንድ ጊዜ ይበላ ነበር። ልብሱ አንድ ነበር። የከተማው ሕዝብ በድንጋይ ወግሮታል። ይኸ ሁሉ እውነት ነው፤ አንዲት ቃል አልጨመርኩም። የሰውየው ሕይወት ራሱ ነው የጠመደኝ። በእርግጥ ሚስት ያላገባው እሺ የምትለው አጥቶ ነው። አንዴ ብቻ የሚበላው ለሁለተኛው ስለማይተርፈው ነው። ካርታ ይጫወት ነበር፤ ይሸነፍም ነበር። ቤተ ክርስቲያን የሚሄደው ክረምት ክረምት፣ ብርዱ ሲጠና ነው፤ ውስጡ ይሞቅ ስለነበር። ይኸንን ለአለቃው አልነገርኳቸውም፤ አልተጠየቅሁማ።

ጨንቆኝ ለእናቴ አወጣሁት። እናቴ የምትሰማኝ ሽሮ እያማሰለች ነው። እስከ መጨረሻው አዳመጠችኝና ማማሰያውን አራገፈች።

"ታዲያ መረቁህ አይደለም?"

"መረቁኝ፤ ግን ተሳስተው ነው፣ እማዬ።"

"ዝም ብለህ ይዘኸው ሂድ። ስምንት ዓመት እኔ እግራቸው ላይ ወድቄ ያላገኘሁትን አንተ በአንድ ቃል አገኘኸው። ደግሞ ልመልስ ትላለህ? አፈር ስሆን ዝም በል!"

ዝም ለማለት ቆርጬ ነበር። እናቴ ያለችው ልክ ነው፤ የገባ ገብቷል ብዬ ነበር። አጎቴ ባይመጣ ኖሮ እስከ ዛሬ ዝም ባልኩ።

አጎቴ የእናቴ ታላቅ ወንድም ነው፤ ከመካነ ብርሃን ሊሰናበተኝ በዚያ ዝናብና ብርድ በበቅሎ ወረደ። ረቡዕ ዕለት በቅሎዋ ከታሰረችበት ጠፋች። አጎቴ ሐሙስን ሙሉ ቀሃ ወንዝን ሽቅብና ቁልቁል ሲያስስ ዋለ። ሲመሽበት፣ ሰው ሁሉ በሚሰማው ድምፅ፣ "ያ የእህቴ ልጅ የጻፈልህ የስንዴው ጻድቅ! በቅሎዬን መልስልኝና በየወሩ በስምህ ዝክር አወጣለሁ!" ብሎ ተሳለ።

አርብ ጠዋት በቅሎዋ ከደጃችን ቆማ ተገኘች።

አጎቴ እልል አለ። ወንድ ልጅ እልል ሲል ያየሁት ያን ቀን ነው። ዳቦውና ጠላው ከየትኛው ወር እንደሚጀመር ከእናቴ ጋር ይማከር ጀመር። እኔ ወደ ጎን ሳብኩት።

"አያ፣ እባክህ አትቸኩል። በቅሎ እኮ መንገድ ታውቃለች፤ ራሷ ነው የመጣችው።"

"በቅሎ መንገድ እንደምታውቅ ለእኔ ልትነግረኝ ነው?" አለ ተቆጥቶ። "ይቺ ግን አታውቅም። ይቺ ደደብ ናት። ተአምሩ እሱ ነው!"

ቁጭ ብዬ አሰብኩ። ከሁሉ በላይ ባለው በአጎቴ አገር ደጋ፣ በየወሩ፣ ሰው ተሰብስቦ፣ በካርታ በተበላ ሰው ስም ዳቦ ሊቆረስ ነው። ካህናቱ አባቴን ይጠይቃሉ፤ አባቴ ደግሞ "ልጄ ጽፎታል" ይላሉ። አንድ ፊደል ተዛነፈ ብለው ተማሪ አስነሥተው የሚያባርሩ ሰው፣ በእኔ ምክንያት የሌለ ጻድቅ በአገር ላይ ሊያቆሙ ነው። ኋላ እውነቱ ሲወጣ፣ መቼም እውነትና ንጋት እያደር መጥራቱ አይቀርም፣ እኔ ባሕር ማዶ ነኝ፤ ጉዱን የሚቀበሉት እሳቸው ብቻቸውን ናቸው። እንዲያ ሆኖ የተገኘ ምርቃት ምን ያደርግልኛል? ፈራሁ። ምርቃቱን ማጣትም ፈራሁ፤ ይዞ መሄድም ፈራሁ።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አባቴ ዘንድ ገባሁ። ለእሑድ የምትሆን ኩታቸው ታጥባ እንድትደርቅ ተሰጥታለች። በሕይወቴ እንዲያ ደስ ብሏቸው አይቻቸው አላውቅም፤ በዝግታ እያዜሙ ነበር። ቆም ብዬ ትንሽ ሰማኋቸው፤ ከዚህ በኋላ እንደማልሰማው አውቄ ነው።

"የኔታ፣ ሀብት ያልኩት ገንዘብ ማለቴ ነው።"

ዜማውን አቋረጡ። "ገንዘብ?"

"ገንዘብ፣ እህል፣ ንግድ፣ ግብር። የምጽፍላቸው ሰዎች ስለዚህ የተመራመሩ ናቸው። ጻድቃን አይደሉም።"

"አንዱም?"

"አንዱም።"

ይጮኻሉ ብዬ ነበር። እሳቸው ግን መምህር ናቸውና በመምህር ወግ ጠየቁኝ። "እንደተሳሳትኩ መቼ ነው ያወቅከው? ከምርቃቱ በፊት ነው ወይስ በኋላ?"

በኋላ ማለት እችል ነበር። ምላሴ ላይ ነበረች።

"በፊት" አልኩ።

"ና" አሉኝ። "ተንበርከክ። ላነሣው ነው።"

ተንበረከክሁ። እጃቸው ራሴ ላይ አረፈች። በግዕዝ ሁለት ቃል ጀመሩና ተዉት። ሌላ ጀመሩ፤ እሱንም ተዉት። ያን ሁሉ መጽሐፍ በቃላቸው የያዙ ሰው ናቸው። ለውግዘት መፍቻ ያውቃሉ፤ ለእርግማን ማርከሻ ያውቃሉ፤ ለመብረቅና ለአንበጣ የሚደገም ያውቃሉ። አንድ ባንድ ሲፈትሹት ከበላዬ ትንፋሻቸው ይሰማኛል።

"የለም" አሉ በመጨረሻ። "ምርቃት የሚነሣበት ጸሎት አልተጻፈም። ማንም አላሰበውም።" እጃቸውን አነሡ። "ሂድ።"

እናቴ ይህን ስትሰማ በደስታ "ታዲያ አልተነሣም ማለት ነዋ!" አለች። ወይ እናቴ! አልተነሣም፤ ግን አልተሰጠኝም። ማውጫው ስለጠፋ ብቻ እኔው ጋ የቀረ ነገር ሆነ። እንዲያ አይደለም የፈለግሁት። አባቴ እኔን አውቀው፣ የምሠራውን አውቀው፣ ወደውኝ እንዲመርቁኝ ነበር የፈለግሁት። ይህን ለራሴ የነገርኩት ያን ቀን ነው። ያን ቀን ስለ እሑዱ ንባብ አንድ ቃል አልተናገሩም፤ እኔም ለመጠየቅ ድፍረት አጣሁ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቅጥር ግቢው ሞላ። ካህናቱ በአንድ ወገን፣ ሴቶቹ በሌላ ወገን፣ አጎቴ ከበቅሎዋ ጋር ከበሩ አጠገብ። አለቃው "ገድሉን እንስማ" ብለው ሊያስጀምሩኝ ሲሉ አባቴ መቋሚያቸውን ተደግፈው ተነሡ።

"ከንባቡ በፊት አንድ ቃል አለኝ" አሉ። "ልጄ ሀብት ብሎ ነገረኝ። እኔ በግዕዝ ሰማሁት፤ እሱ ግን በአማርኛ ነበር የተናገረው። የሚጽፈው ስለ ገንዘብና ስለ እህል ዋጋ ነው። ሰዎቹ ጻድቃን አይደሉም፤ እንደ እኛው ሰዎች ናቸው። ጻድቅ ያልኩት እኔ ነኝ። ቃሉን ያጣመምኩት እኔ ነኝ። ስሕተቱ የእኔ ነው።"

ይህ ምን ማለት እንደሆነ ያልገባው ቢኖር፣ በፊታቸው የተቀመጡትን ሽማግሌ ተማሪዎቻቸውን ይይ። ከእነዚያ ውስጥ "ስሕተቱ የእኔ ነው" ሲሉ ሰምቷቸው የሚያውቅ አንድ ሰው አልነበረም። እኔም አልሰማሁም። የእኔን ዝምታ አልተናገሩብኝም፤ ጥፋቱን ለራሳቸው ብቻ ነው የወሰዱት። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

"የኔታ፣ በቅሎዬስ?" አለ አጎቴ ከኋላ።

"በቅሎህ በራሷ እግር ነው የመጣች" አሉት። "ዝክሩን ለሚገባው አድርገው።" ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። "አንብብ።"

"ላንብብ ወይ፣ የኔታ?"

"ለመስማት የመጣ ሰው ሳይሰማ አይሄድም። አንብብ!"

አነበብኩ። ካርታውንም፣ የክረምቱንም ነገር ሳልደብቅ አነበብኩ። አንዳንዱ ሳቀ፤ አንድ ሁለት ካህን እያጉረመረሙ ወጡ። ሰውየው እህል ሲወደድ ሕዝብ ነጋዴውን የሚወግረው ዝናብን መውገር ስለማይችል ነው ከሚልበት ቦታ ስደርስ፣ አባቴ መቋሚያቸውን አንሥተው አስቆሙኝ።

"ምን ሆኖ ሳለ ነው ይህን የተናገረው?"

"በዚያው ዓመት መስኮቱን በድንጋይ ሰብረውበት ነበር።"

"ደህና።" ዓይናቸውን ጨፈኑ። "ዝናብ ከላይ ነው፤ ድንጋዩ አይደርስበትም ሲል ነው። አንድም፣ ወደ ላይ የተወረወረ ድንጋይ ተመልሶ በወርዋሪው ራስ ላይ ይወርዳል ሲል ነው። ቀጥል።"

ቀጠልኩ። እኔ አነባለሁ፤ እሳቸው ያስቆሙኛል፤ ይጠይቃሉ፤ ይተረጉማሉ። ከሰውየው ሐሳብ አንዱን አልወደዱትም፤ "ይኸ የራበው ሰው ነገር ነው፤ አልፈርድበትም" ብለው አለፉት። ይህን ሁሉ ኋላ በመጽሐፌ አስገብቼዋለሁ፤ የማን ትርጓሜ እንደሆነም ጽፌበታለሁ። ሲያልቅ ፀሐይዋ ጠንክራለች፤ ሰው ግን አልተነቃነቀም።

አባቴ ተነሡ፤ ሰውም አብሮ ተነሣ። ወደ እኔ መጡ። እጃቸውን አልጫኑብኝም፤ ሁለቱንም ወደ ሰማይ ዘረጉ።

"ይህ ልጄ ነው" አሉ። "የምትሠራውን ወድጄልሃለሁ አልለውም፤ ገና አላወቅሁትም። ጌታዬ ሆይ፣ አባቱ በማያውቀው መንገድ የሄደውን ልጄን፣ አንተ በምታውቀው መንገድ መልስልኝ። እናንተም አሜን በሉልኝ።"

ግቢው "አሜን" አለ። እኔ አልቻልኩም፤ እያለቀስኩ ነበር። እናቴ ከሴቶቹ በኩል፣ የእኔንም ጨምራ፣ ሁለት ጊዜ አለችው።